ስመ ሀገር በባዕድ ሜዳ፤ ስለ 1962 የቪክቶሪያ የእግር ኳስ ዘመን የቀረበ ዳሰሳ

በአውስትራሊያ ደቡብ ምሥራቅ ማዕዘን በምትገኘው በቪክቶሪያ ክፍለ ሀገር የእግር ኳስ ሻምፒዮና ማዕርግ የተቀዳጁትን ክለቦች ዝርዝር ከላይ ወደ ታች የሚያነብ ሰው፥ የአንዲት ከተማን የኳስ መዝገብ ሳይሆን የአውሮፓን ካርታ በእጁ የያዘ ሳይመስለው አይቀርም። በ1957 የሻምፒዮናው ባለቤት ጀስት ይባል የነበረው የዩጎዝላቪያውያን ክለብ ነው፤ በ1958 የኢጣሊያኖቹ ዩቬንቱስ፥ በ1959 የንግሥታቸውን ስም የተሸከመው የሆላንዶቹ ዊልሄልሚና፥ በ1960ና በ1961 የፖላንዶቹ ፖሎኒያ፥ በ1962 የግሪኮቹ ሳውዝ ሜልበርን ሄላስ፥ በ1963 እንደ ገና ጀስት። በሰባት ዓመት ውስጥ የአምስት ሕዝብ ልጆች በየተራ ድል ሲያደርጉ፥ በሀገሪቱ ላይ የሠለጠኑት የእንግሊዞች ዘሮች ክለብ ግን በዝርዝሩ ውስጥ አንድ ስንኳ አይገኝም። በዚህ ሐተታ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ አስቀድሞ ይወቅልን።

ይህ ዝርዝር ያስነሣው ጥያቄ ከስድሳ ዓመት በላይ ሲያከራክር የኖረ ነው፤ ጥያቄውም፥ ከሀገሩ ተሰዶ ወይም ሥራ ፍለጋ ወጥቶ በሰው ሀገር የሰፈረ ሕዝብ የኳስ ክለቡን በቀደመች ሀገሩ ስም መሰየሙ አዲሲቱን ሀገር እንደ መናቅ ይቈጠራልን? ወይስ ወደ እርስዋ የሚገባበት ደጅ ነው? የሚል ነው። የ1962ን ዘመን ለይቼ የመረጥሁት፥ የዚያ ዓመት ባለ ድል ክለብ የሁለት ሀገር ስም በአንድነት የተሸከመ በመሆኑ ለጥያቄው መልስ ከማንም ይልቅ የቀረበ ስለ መሰለኝ ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመያዝ ጥቂት ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል። እግር ኳስ ወደ ቪክቶሪያ የገባው በስኮትላንድና በእንግሊዝ ልጆች እጅ ነው፤ በ1883 የመጀመሪያው ማኅበር ተመሥርቶ በዚያው ዓመት ቪክቶሪያና ኒው ሳውዝ ዌልስ ተጋጠሙ፤ ማኅበሩ ተዳክሞ ከቀረ በኋላም ሃሪ ዶከርቲ የሚባሉ ስኮትላንዳዊ ነገሩን እንደ ገና አነሡትና ከ1909 ጀምሮ እስከ ዛሬ በስማቸው የሚጠራውን ዋንጫ ሰጡ። በዎንታጊና በያሎርን የነበሩት የድንጋይ ከሰል ቈፋሪዎችም ጨዋታውን በመንደራቸው አቈዩት። በሜልበርን ከተማ ግን «ፉትቦል» ሲባል ሕዝቡ የሚያስበው በእጅም በእግርም የሚጫወቱትን፥ ኳሱም እንደ እንቍላል የሞለለውን የሀገሬውን ጨዋታ ነበር፤ ሰፊውን ሜዳ፥ ጋዜጣውንና የማዘጋጃ ቤቱን ሞገስ የያዘው ያ ጨዋታ ሲሆን፥ የእኛው እግር ኳስ «ሶከር» ተብሎ በየመናፈሻው ዳር የተረፈውን ቦታ ይለምን ነበር።

እዚህ ላይ ብዙ ተከራካሪዎች ሳያዩት የሚያልፉት አንድ ነገር አለ። በሜልበርን ምዕራብ በፉትስክሬይ ሠፈር ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት አስቀድሞ ፉትስክሬይ ቲስል የሚባል ስመ ጥር ክለብ ነበር። «ቲስል» ማለት የስኮትላንድ ዓርማ የሆነው የኮሸሽላ አበባ ነው። እንግዲህ የስኮትላንድ ልጅ የሀገሩን አበባ ለክለቡ ስም ሲያደርግ ነገሩ የአባቶችን መታሰቢያ እንደ መጠበቅ ተቈጥሮለት፥ የግሪክ ልጅ ክለቡን «ሄላስ» ሲል ግን በባዕድነት የተከሰሰበት ምክንያት ምንድን ነው? ስመ ሀገርን ለክለብ የማውጣት ልማድ ከስደተኞቹ ጋር እንደ መጣ ተደርጎ የሚነገረው ነገር ሐሰት መሆኑን ይህ አንድ አበባ ይመሰክራል።

ከጦርነቱ በኋላ የሆነው ነገር የዘር ልማድ ሳይሆን የቍጥር ነገር ነው። በ1945 የመጀመሪያው የኢሚግሬሽን ሚኒስትር የሆኑት አርተር ካልዌል ሀገሪቱ ሕዝብ ካላበዛች ትጠፋለች በሚል ሐሳብ በሩን ለአውሮፓ ስደተኞች ከፈቱ፤ ለአፍሪካና ለእስያ ልጆች ግን በ1901 በወጣው ሕግ ተዘግቶ የኖረውን በር ባለበት ተዉት፤ ይህን ሳይጠቅሱ ስለ ዘመኑ ቸርነት መናገር አይገባም። ከ1947 ጀምሮ ጦርነቱ ያፈናቀላቸው 170 ሺህ የሚሆኑ ሰዎች መንግሥት በሚመድባቸው ሥራ ሁለት ዓመት ለማገልገል ውል እየገቡ መጡ፤ በቪክቶሪያ ሰሜን በቦነጊላ በተሠራው የወታደር ሰፈርም ከ300 ሺህ በላይ ስደተኞች በየተራ አለፉ። ከማልታ፥ ከሆላንድ፥ ከኢጣሊያና ከግሪክ ጋርም ውል ተደረገ። በ1947 በመላው አውስትራሊያ 12 ሺህ ገደማ የነበሩት የግሪክ ተወላጆች በ1961 77 ሺህ፥ 33 ሺህ ገደማ የነበሩት የኢጣሊያ ተወላጆች ደግሞ 228 ሺህ ደረሱ።

እነዚህ ሰዎች ፋብሪካ ሲገቡ ስማቸው ለአለቃው አፍ ስለሚከብድ በሌላ ስም ይጠሩ ነበር፤ በአውቶቡስ ውስጥ በቋንቋቸው ሲነጋገሩ የሚቈጣቸው አይጠፋም ነበር፤ የመንግሥቱም ሐሳብ ፈጥነው ከነባሩ ሕዝብ ጋር እንዲመሳሰሉና የመጡበትን እንዲረሱ ነበር። በሳምንት ውስጥ ስማቸው በሙሉ ድምፅ የሚጠራባቸው ሁለት ቦታዎች ብቻ ነበሩ፤ አንደኛው ቤተ ክርስቲያናቸው፥ ሁለተኛው የኳስ ሜዳቸው። ክለቡ ሥራ ማፈላለጊያ፥ ደብዳቤ መቀበያ፥ የሙሽራ መተጫጫ፥ ኀዘንተኛውንም ማጽናኛ ነበረ። የመጫወቻውን ወጪ ለመሸፈን ምግብ አብስለው የሸጡት፥ የተቀደደውን ማሊያ የሰፉት ሴቶች ስም ግን በአንዱም የድል መዝገብ ላይ አልተጻፈም።

አሁን ወደ 1962 እንምጣ። የባለ ድሉ ክለብ ልደት ከሦስት ዓመት በፊት፥ በ1959 ነው። ሄሌኒክና ያራ ፓርክ አያስ የሚባሉት ሁለቱ የግሪኮች ቡድኖች፥ ቀድሞ ከነበረውና ሳውዝ ሜልበርን ዩናይትድ ከተባለው የሠፈሩ ክለብ ጋር ተዋሐዱ፤ ከውሕደቱም ሳውዝ ሜልበርን ሄላስ የሚባል ስም ተወለደ። የዚህን ስም አሰካክ ልብ ማለት ይገባል፤ የአዲሲቱ ሀገር መንደር ቀድሞ፥ የቀደመችይቱ ሀገር ስም ተከትሎ ቆሟል፤ አንዱ አንዱን አልሻረውም። ከሳሾቹ ጆሮ የገባው ግን የኋለኛው ቃል ብቻ ነበር።

የሚጫወቱበት ሜዳ ሚድል ፓርክ ይባላል፤ በአልበርት ፓርክ ሐይቅ አጠገብ፥ ከባሕረ ሰላጤው ብዙ ሳይርቅ ይገኝ ነበር። የቪክቶሪያ የኳስ ዘመን በመጋቢትና በሚያዝያ ተጀምሮ ክረምቱን ሲያልፍ፥ የእነርሱ ክረምት ከእኛው ክረምት ጋር በወር ስለሚገጥም፥ የሰኔና የሐምሌን ዝናብና ጭቃ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ መግለጽ አያስፈልገኝም፤ ከባሕሩ የሚነሣው ብርዳም ነፋስ ብቻ ይጨመርበት። በፊሸርማንስ ቤንድ የመኪና ፋብሪካ ሳምንቱን ሙሉ በተራ የሠራ ሰው፥ ኮቱን እስከ አንገቱ ቈልፎ፥ ልጁን በትከሻው አንጠልጥሎ፥ በጭቃው ዳር ቆሞ ከመንደሩ ሰው ጋር በቋንቋው ይጮኽ ነበር። ይኸንኑ ሜዳ ሄላስ ብቻውን አልያዘውም፤ በ1927 የተመሠረተው የአይሁዶች ክለብ ሃኮዓም፥ ስሙ በዕብራይስጥ «ኃይል» ማለት ነው፥ ሚድል ፓርክን ከግሪኮቹ ጋር በተራ ይጠቀምበት ነበር። ስመ ሀገር የያዘ ክለብ ሁሉ አጥር ሠርቶ ይቀመጣል ለሚሉት፥ አንድ ግብ፥ አንድ የልብስ መቀየሪያ ክፍል፥ አንድ ጭቃ የተካፈሉትን እነዚህን ሁለት ማኅበሮች አስታውሳቸዋለሁ።

የ1962 ዘመን ሌላም ጠባይ ነበረው፤ ሀገሪቱ በዓለም አቀፉ የእግር ኳስ ማኅበር በፊፋ ዘንድ የተገለለችበት ወቅት ነበር። ነገሩ እንዲህ ነው፤ በ1957 የቪየናው ኦስትሪያ ክለብ አውስትራሊያን ጎብኝቶ ሲመለስ፥ ሌኦ ባውምጋርትነርን የመሳሰሉት ዕውቅ ተጫዋቾቹ የሀገሩ ነገር በልባቸው ቀርቶ በሚቀጥለው ዓመት ወደ ሲድኒው የቼኮች ክለብ ወደ ፕራግ መጡ፤ ለቀድሞው ክለብ ግን የዝውውር ክፍያ አልተከፈለም። የኦስትሪያና የሆላንድ ክለቦች አቤት ባሉ ጊዜ ፊፋ በ1960 አውስትራሊያን አገደ፤ እገዳውም ክፍያው ተፈጽሞ እስኪነሣ ድረስ እስከ 1963 ቈየ። ከዚህ የተነሣ ለብሔራዊው ቡድን የዓለም አቀፍ ውድድር በር ሲዘጋበት፥ ለየክፍለ ሀገሩ ክለቦች ግን ከአውሮፓ ተጫዋች ለማስመጣት የሚከለክላቸው ስላልነበረ የክለቦቹ ጨዋታ ከቀድሞው ይልቅ እየጠነከረ ሄደ። ሥርዓት ማፍረሳቸውን አላጸድቅም፤ የሰው ክለብ ያሳደገውን ተጫዋች ያለ ዋጋ መውሰድ በደል ነው። ነገር ግን ጨዋታውን በሀገሪቱ ያስተዳድር የነበረው የድሮው ማኅበር የስደተኞቹን ክለቦች ከድምፅና ከትኬት ገቢ እያራቀ ባያስመርራቸው ኖሮ፥ በ1957 በኒው ሳውዝ ዌልስ ተገንጥለው የራሳቸውን ፌዴሬሽን ባላቋቋሙ፥ ሌሎቹም ክፍለ ሀገሮች እርሱን ባልተከተሉ ነበር፤ ጥፋቱ ስለዚህ የሁለቱም ነው። በ1961 አዲስ ብሔራዊ ፌዴሬሽን ቆመ፤ በ1962ም የመላው አውስትራሊያ ክለቦች የሚወዳደሩበት ዋንጫ ለመጀመሪያ ጊዜ ተደርጎ የሲድኒው ዩጋል አሸነፈ።

በዚያው በ1962 አንድ የሞስታር ተወላጅ ወጣት ለጀስት ሊጫወት ፉትስክሬይ ገባ፤ ስሙ ራሌ ራሺች ይባላል። እናት አባቱን ሳያውቅ በሙት ልጆች ማሳደጊያ ያደገ ሰው ነው። ይህ ሰው ከስምንት ዓመት በኋላ የአውስትራሊያ ብሔራዊ ቡድን አሠልጣኝ ሆኖ በ1974 ቡድኑን ለመጀመሪያ ጊዜ ለዓለም ዋንጫ አበቃ፤ በጀርመን ምድርም በሁለቱ ጀርመኖች ተሸንፎ ከቺሊ ጋር ያለ ግብ ተለያየ። ሀገሪቱ «ባዕድ» ስትለው ከነበረው ክለብ ደጅ የገባው ሰው ነው የሀገሪቱን ባንዲራ በዓለም ፊት ያቆመላት። የእንግሊዞቹ ዘሮች ይህን ጨዋታ የስደተኛ ኳስ ብለው በስድብ ስም ሲጠሩት መኖራቸውን ሳስብ፥ ከዚህ የበለጠ መልስ ማን ሊሰጥ ይችላል እላለሁ።

ስለ ክለቦቹ ስም የተነገረውን ሁሉ ሊቃውንቶቻችን መጽሐፍ ሲያመሰጥሩ እንደሚያደርጉት በአንድምታ መልክ ልደርድረው። ስሙ የእምቢታ ምልክት ነው፤ የቀደመች ሀገሩን እየጠራ የሚያድር ሰው በአዲሲቱ ሀገር ልቡ አያርፍም። አንድም፥ ስሙ የጠብ ፍሕም ነው፤ የአውሮፓን ቂም ከመርከብ አውርዶ በሜልበርን ሜዳ ላይ ያራግፈዋል። አንድም፥ ስሙ መጠለያ ነው፤ ቋንቋ የሌለው ሰው ቋንቋ እስኪያገኝ ድረስ የሚያርፍበት ጥላ ነው። አንድም፥ ስሙ ደጅ ነው፤ ሰው ሁሉ ወደ ቤት የሚገባው በደጅ እንጂ በግድግዳ አይደለምና፥ ስደተኛውም ወደ ሀገሪቱ የገባው በሚያውቀው ስም በኩል ነው።

ከእነዚህ መካከል የመጀመሪያው ትርጓሜ ከታሪኩ ጋር አይስማማም። ሁለተኛውን ግን እንዲያው መጣል አይቻልም። ጀስት የሚለው ስም ዩጎዝላቪያን በአንድነት የሚጠራ ሲሆን፥ ክሮአቶቹ ዩጎዝላቪያ የሚባለውን ስም አንቀበልም ብለው በ1953 የራሳቸውን ክለብ ክሮኤሺያን መሠረቱ፤ ሁለቱ በተገናኙ ቍጥር የሜዳው ነገር የፖለቲካ ነገር ይሆን ነበር። ክሮኤሺያ በ1968 የቪክቶሪያ ሻምፒዮን ከሆነ በኋላ፥ በ1972 በተነሣ ረብሻ ምክንያት ከውድድሩ ተባረረ። በዚህ የተጎዱ ሰዎች አሉ፤ ጉዳታቸውንም ለክርክር ማሳመሪያ ብሎ ማቅለል ነውር ነው። ሆኖም አንድ ነገር ተመልከቱ፤ ያ ቂም የተወለደው በሜልበርን አይደለም፥ በስሙ ምክንያትም አልተወለደም፤ ስሙ ቢፋቅ ቂሙ ሌላ ስም ይፈልግ ነበር እንጂ አይጠፋም። ደግሞም ሃኮዓና ሄላስ፥ ፖሎኒያና ዊልሄልሚና በዚያው ውድድር ውስጥ ነበሩ፤ የአንዱ ጠብ የሁሉ ጥፋት ሊባል አይገባም። ለእኔ የሚቀናኝ ሦስተኛውና አራተኛው ትርጓሜ በአንድነት ነው።

የእግር ኳሱ አለቆች ግን የመጀመሪያውን ትርጓሜ መርጠው እንደ ሕግ ያዙት። በ1977 አሥራ አራት ክለቦች ያሉት ብሔራዊ ሊግ ሲቋቋም ከክለቦቹ የተጠየቀው ስመ ሀገራቸውን እንዲተዉ ነበር፤ በ1990ዎቹ አጋማሽም ከዓርማቸው ላይ የሀገር ምልክት እንዲፋቅ ታዘዘ፤ በ2014 ደግሞ ይኸው ነገር በፌዴሬሽኑ ደንብ ተጽፎ ወጣ፤ በ2019 ተሻረ። ከአርባ ዓመት በላይ በዚህ ነገር የደከመው ሁሉ ያመጣውን ፍሬ ስፈልግ አላገኘሁትም። ደጋፊው ሄላስን ሄላስ ማለቱን አልተወም፤ ርቆ የነበረው ነባር ሕዝብም ስሙ ስለ ተፋቀ ብቻ ወደ ሜዳው አልጎረፈም።

ያ ስም ያፈራውን ሰው ደግሞ በአንድ ምሳሌ ብቻ ላሳይ። በ1965 በአቴና የተወለደው አንጌ ፖስቴኮግሉ በአምስት ዓመቱ ከወላጆቹ ጋር ሜልበርን ገባ፤ አባቱ ቀኑን በሥራ ደክሞ የሚገባ፥ ከልጁ ጋር የሚገናኙበት ዋናው ሰዓት ግን በሚድል ፓርክ የኳስ ሰዓት ነበር። ልጁ በሄላስ ቤት አድጎ ለክለቡ ተጫወተ። ታላቁ የሃንጋሪ ተጫዋች ፈረንጽ ፑሽካሽ ከ1989 እስከ 1992 ክለቡን ሲያሠለጥኑ፥ እንግሊዝኛቸው ጥቂት ስለ ነበረ፥ በአቴና አሠልጣኝ ሳሉ የተማሩትን ግሪክኛ ተገን አድርገው የሚነጋገሩት ከዚሁ ከወጣቱ አምበል ጋር ነበር፤ እርሱም መኪና እየነዳላቸው፥ ቃላቸውን ለጓደኞቹ እየተረጐመ በ1991 የብሔራዊው ሊግ ሻምፒዮን ሆኑ። እስቲ አስቡት፤ አንድ ሃንጋሪያዊ፥ በግሪክኛ፥ ለአውስትራሊያውያን ልጆች ኳስ ሲያስተምር! ያ ተርጓሚ በኋላ አሠልጣኝ ሆኖ በ2015 አውስትራሊያን የእስያ ዋንጫ ባለቤት አደረጋት።

ብሔራዊው ሊግ በ2004 ፈርሶ በ2005 አዲሱ የኤ ሊግ ሲጀመር፥ ሳውዝ ሜልበርን አራት ጊዜ ብሔራዊ ሻምፒዮን የሆነ ክለብ ሳለ በውስጡ ቦታ አልተሰጠውም፤ ወደ ተነሣበት ወደ ቪክቶሪያ ውድድር ተመለሰ። ሚድል ፓርክም ለመኪና እሽቅድምድም መንገድ ሲባል በ1990ዎቹ አጋማሽ ፈረሰ፤ ክለቡ አሁን የሚጫወተው በዚያው በአልበርት ፓርክ በሐይቁ ዳር በተሠራው ስታዲየም ነው።

ጀስት ዛሬ የለም። ዛሬ በፉትስክሬይ ጎዳና የሚያልፍ ሰው የሚያሸተው የበርበሬና የሚቈላ ቡና ሽታ ነው፤ ከዩጎዝላቪያውያን በኋላ፥ ከቬትናሞችም በኋላ፥ የእኛ ሰዎች በዚያ ሠፈር ምግብ ቤትና ሱቅ ከፍተዋል። ኢትዮጵያ ለመጀመሪያ ጊዜ በኦሊምፒክ የተካፈለችው በ1956 በዚያችው በሜልበርን ከተማ መሆኑን፥ ማሞ ወልዴም በዚያ መሮጡን ስናስብ ከተማይቱ ከስማችን ጋር የቈየ ትውውቅ እንዳላት ይገባናል። በዚያ የምትኖሩ ወገኖቻችን፥ ልጆቻችሁን በየመናፈሻው ለኳስ ስታሰልፉ ክለባችሁን በወደዳችሁት ስም ጥሩት፤ ስሙን ግን ጻፉት፤ የተጫዋቾቹን፥ ማሊያውን ያጠበችውንና ምግቡን ያበሰለችውን እናት ስም፥ የተጫወታችሁበትንም ቀንና ሜዳ በመዝገብ አኑሩ።